ሌንሱን እያየ የሚያወራ ሰው

ጅማ ውስጥ በካሜራ የሚኖር ሰው ዓመቱን በሰርግ፣ በምርቃትና በቡና ነው የሚቆጥረው። ጥር ላይ ሰርግ ነው። ረመዳን ከመግባቱ በፊት ኒካሁ ይደራረባል። ክረምት ሲቃረብ የዩኒቨርሲቲ ምርቃት ይመጣል፤ ጋዋን፣ አበባ፣ ከገጠር የመጣ ቤተሰብ። ከጥቅምት ጀምሮ ቡናው ሲቀላ የኅብረት ሥራ ማኅበራትና የላኪዎች ስልክ ይበዛል። በየመሀሉ የክሊኒክ፣ የፈርኒቸር ቤትና የግል ኮሌጅ ማስታወቂያ አለ። የድርጅት «ዶክመንተሪ» የሚመጣው ደግሞ በጀት ሊዘጋ ሲል ነው፤ ሁሌም አስቸኳይ ነው።

ይህ ሁሉ በአንድ ካሜራና በአንድ ላፕቶፕ ይሠራል። በሙያው ያለን ሰዎች ፈረንጅ አራዳ ሰፈር ቡና ላይ ስንገናኝ የማትቀር ወሬ አለችን። «ማስታወቂያው ለሆድ ነው፤ አንድ ቀን ግን እውነተኛ ዘጋቢ ፊልም እሠራለሁ» የማይል የለም። ለእኔ ይህ ክፍፍል ብዙም አይዋጥልኝም። ምክንያቱ ኤሮል ሞሪስ የሚባል አሜሪካዊ ነው።

ሞሪስ ኦስካር ያገኘ የዘጋቢ ፊልም ሠሪ ነው። ከዚያ ጎን ለጎን በመቶዎች የሚቆጠሩ የቴሌቪዥን ማስታወቂያዎችን ሠርቷል። የቢራ አለ፣ የኮምፒውተር አለ። የሁለቱንም ዓይነት ሥራ ደጋግሜ አይቻለሁ። ሰውየው ማስታወቂያውን እንደ ዘጋቢ ፊልም ነው የሚሠራው። እኛ ደግሞ ዘጋቢ ፊልሙን እንደ ማስታወቂያ እንሠራለን። የዛሬው ወሬዬ ይሄው ነው።

የተወለደው በ1948 ኒው ዮርክ ነው (ስለ እሱ የምጠቅሳቸው ዓመቶች እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው)። ታሪክ ተማረ፤ ከዚያ ፍልስፍና ጀምሮ ሳይጨርስ ተወው። የፊልም ትምህርት ቤት አልገባም። በርክሌይ ከተማ በሚገኝ የፊልም ማኅደር እየዋለ ያገኘውን ሁሉ ያይ ነበር። እዚህ ጅማ ያለነውም ብንሆን አብዛኞቻችን የተማርነው ከፎቶ ቤት፣ ከሰርግ ቤትና ከዩቲዩብ ነው፤ ስለዚህ በዚህ አንተማማም።

የመጀመሪያ ፊልሙ በ1978 የወጣው «ጌትስ ኦፍ ሄቨን» ነው። ካሊፎርኒያ ስላሉ የቤት እንስሳት መቃብሮች ይተርካል። አዎ፣ የውሻና የድመት መቃብር። ሐሳቡ የመጣለት 450 የሞቱ እንስሳት ከአንድ ቦታ ተነሥተው ወደ ሌላ ሊዛወሩ ነው ከሚል የጋዜጣ ርዕስ ነው። እዚህ ለአንድ ሽማግሌ ይህን ብትነግሯቸው «አስተግፊሩላህ» ብለው ይስቃሉ። ፊልሙ ግን በሰዎቹ አይስቅም። ሞሪስ ካሜራውን ተከለ፣ ሰዎቹን ወንበር ላይ አስቀመጠ፣ ከዚያ ዝም አለ። ተራኪ የለም። ካሜራው አይሯሯጥም። ትንሽ ቆይታችሁ ወሬው ስለ ውሻ መሆኑን ትረሱታላችሁ። ሰዎቹ ስለ ሞት፣ ስለ ብቸኝነት፣ ስለ ከሰረ ንግድ፣ ስለ ልጆቻቸው ነው የሚያወሩት። ታዋቂው ሐያሲ ሮጀር ኢበርት ይህን ፊልም ከምንጊዜም ምርጥ 10 ፊልሞቹ መሀል አስገብቶታል።

ጀርመናዊው ዳይሬክተር ቨርነር ሄርዞግ፣ ሞሪስ ያንን ፊልም ከጨረሰ ጫማውን እንደሚበላ ቃል ገብቶ ነበር። ሞሪስ ጨረሰ። ሄርዞግም ጫማውን ቀቅሎ በሰው ፊት በላ። መብላቱም ራሱ ሌስ ብላንክ በተባለ ፊልም ሠሪ ተቀርጾ አጭር ፊልም ወጣው። እኛ ጋ «አትጨርሰውም» የሚል ሞልቷል፤ ጫማ የሚበላ ግን እስካሁን አልገጠመኝም።

ሙገሳው ግን እንጀራ አልሆነም። በ1981 ስለ አንዲት የፍሎሪዳ ትንሽ ከተማ ሁለተኛ ፊልሙን ሠራ። ከዚያ በኋላ ለዓመታት ገንዘብ የሚሰጠው ጠፋ። ሰውየው ምን ሆነ? የግል መርማሪ ሆኖ ተቀጠረ። ሰው መፈለግ፣ ፋይል ማገላበጥ፣ ሰው እስኪያወራ መጠበቅ።

ያ ሥራ ለቀጣዩ ፊልም ጠቀመው። በ1976 ዳላስ ውስጥ ሮበርት ዉድ የተባለ ፖሊስ ሌሊት መኪና አስቁሞ ሳለ በጥይት ተገደለ። ራንዳል ዴል አዳምስ የሚባል ሰው ተከሶ ሞት ተፈረደበት። ፍርዱ በኋላ ወደ ዕድሜ ልክ እስራት ተቀየረ። ዋነኛው መስካሪ በወቅቱ የ16 ዓመት ልጅ የነበረው ዴቪድ ሃሪስ ነው። ሞሪስ ወደ ቴክሳስ የሄደው ለሌላ ጉዳይ ነበር። በሞት ፍርድ ችሎቶች ላይ «ይህ ሰው ወደፊትም ይገድላል» እያለ ስለሚመሰክር አንድ የሥነ አእምሮ ሐኪም ፊልም ሊሠራ ፈልጎ ነው። ሐኪሙ የመሰከረባቸውን እስረኞች ሲያነጋግር አዳምስን አገኘው። አዳምስ አልገደልኩም አለ። ያው እስረኛ ሁሉ የሚለው ነው። ሞሪስ ግን ፋይሉን ማንበብ ጀመረ። ምስክሮቹን አንድ በአንድ ፈልጎ አገኛቸው፤ አስቀመጣቸው፤ አስወራቸው። ሲያወሩ ምስክርነታቸው ራሱ እየፈረሰ ሄደ።

በ1988 የወጣው «ዘ ቲን ብሉ ላይን» ይህ ነው። ስለ ሞሪስ ስልት ከተነሣ ከዚህ ፊልም አለመጀመር ይከብዳል። ግድያውን በትወና ደጋግሞ ያሳየናል። ግን አንድ ዓይነት አድርጎ አይደለም። አንዱ ምስክር ሲናገር የእሱን ቅጂ እናያለን። ሌላዋ ስትናገር የእሷን። የሚቆመው መኪና ይቀያየራል፣ ሹፌሩ ይቀያየራል፣ የሟቹ ባልደረባ የቆመችበት ቦታ ይቀያየራል። ከእጇ የተወረወረው የወተት መጠጥ በአየር ላይ ቀስ ብሎ ይገለበጣል። ትወናው የሆነውን ነገር አያሳይም፤ ሰዎች ሆነ የሚሉትን ነው የሚያሳየው። ውሸቱን በዓይናችን እያየን እንድንመዝነው ያደርገናል። ከሥር የፊሊፕ ግላስ ሙዚቃ እየተደጋገመ ይሽከረከራል። በዘመኑ «ትወና ያለበት ዘጋቢ ፊልም ምን ዘጋቢ ነው?» ብለው የተከራከሩ ነበሩ። ለኦስካር በዘጋቢ ፊልም ዘርፍ ሳይታጭ ቀረ። አዳምስ ግን ከ12 ዓመት እስር በኋላ በ1989 ተፈታ።

ይህን ፊልም ባየሁ ቁጥር ጅሬን ትዝ ትለኛለች። እዚያ ያለውን የንጉሥ አባ ጅፋርን ቤተ መንግሥት ብዙ ካሜራ ጎብኝቶታል። ሁላችንም አንድ ዓይነት ነው የሠራነው። የተቀረጸው የእንጨት በረንዳ፣ ከላይ የድሮን ምስል፣ ከዚያ ወፍራም ድምፅ ያለው ተራኪ፤ ከ1878 እስከ 1932 (ይህም በፈረንጆቹ ነው) ገዙ፣ ለምኒልክ ገብረው የውስጥ አስተዳደራቸውን ጠበቁ፣ አለቀ። ግን እዚያው አካባቢ ያሉ አዛውንቶችን ስለ ንጉሡ ቁመት ብቻ ጠይቁ። እያንዳንዱ የራሱ ልክ አለው። አንዱ በሩን ያሳያችኋል፣ ሌላው አልጋውን። ስለ ግብሩ፣ ስለ ንግዱ፣ ስለ ባሪያ ንግዱም ጭምር ብትጠይቁ ትረካዎቹ ይጋጫሉ። እኛ ግጭቱን በኤዲቲንግ እናጠፋዋለን። «የትኛውን እንያዝ?» እንባባላለን። ሞሪስ ቢሆን ሁሉንም ነበር የሚይዘው። ለእኔ ስለ አባ ጅፋር ሊሠራ የሚገባው ፊልም ያ ነው። ማንም ከሠራው አልቀናም፤ እሺ፣ ትንሽ እቀናለሁ።

ከዚያ ፊልም ሁለት ነገሮችን ሳልጠቅስ ማለፍ አልችልም። የመጀመሪያው ከዴቪድ ሃሪስ ጋር የተደረገው የመጨረሻ ቃለ መጠይቅ ነው። በዚያን ቀን የሞሪስ ካሜራ ተበላሸ። የተቀዳው ድምፅ ብቻ ነበር። ሃሪስ አዳምስ ንጹሕ መሆኑን እንደሚያውቅ የተናገረው እዚያ ላይ ነው። ፊልሙ የሚያልቀው በቴፕ መቅረጫ ምስል ነው፤ ድምፁ ይናገራል፣ እኛ መቅረጫውን እናያለን። ምስሉ ሳይኖር ፊልሙ ኖረ። ድምፁ ባይኖር ግን ምንም አልነበረም። እኛ ለሌንስ ተበድረን እንገዛለን፤ ማይክ ላይ ግን እንቆጥባለን። ጅማ ውስጥ ደግሞ ከመብራት መጥፋት የባሰ ጠላት ቆርቆሮ ላይ የሚወርድ ዝናብ ነው። ከመጋቢት እስከ ጥቅምት ድረስ የቆርቆሮ ቤት ውስጥ ከሰዓት በኋላ ቃለ መጠይቅ መያዝ ቁማር ነው። ጠዋት ያዙ። ሌላ ምክር የለኝም።

ሁለተኛው፣ አዳምስ ከእስር ከወጣ በኋላ ሞሪስን መክሰሱ ነው። የሕይወት ታሪኩ መብት የማነው በሚል። ጉዳዩ በስምምነት ተዘጋ። ሰዎች ይህን ሲሰሙ «ውለታ ቢስ» ይላሉ። እኔ አልልም። ፊቱም ታሪኩም የእሱ ነው። እኛ አካባቢ ስንቱ ገበሬ ነው ፊቱ የት እንደሚለጠፍ ሳያውቅ የሚቀረጸው? ቡና የሚለቅሙ እጆች ውጭ አገር ያለ የቡና ከረጢት ላይ ታትመው ታገኛላችሁ። ማን ጠየቃቸው? የፈቃድ ወረቀት ላይ ማስፈረም የፈረንጅ ቅንጦት የሚመስለው ብዙ ባለሙያ አለ። ወረቀቱን በሚገባቸው ቋንቋ አንብቦ ማስረዳት ደግሞ ጭራሽ አይታሰብም።

ወደ ማስታወቂያው ልግባ።

ሞሪስ ቃለ መጠይቅ ላይ አንድ የቆየ ችግር ነበረበት። እኛም አለብን። ተናጋሪው ጠያቂውን ካየ ዓይኑ ከሌንሱ ጎን ይወጣል፤ ተመልካቹ የሁለት ሰዎችን ጨዋታ ከዳር ቆሞ የሚሰማ ይሆናል። «ሌንሱን እይ» ካላችሁት ደግሞ ይደርቃል። መፍትሔው ሁለት ቴሌፕሮምፕተር ነበር። ቴሌፕሮምፕተር ዜና አንባቢ የሚያነብበት ነው፤ ከሌንሱ ፊት ያዘመመ መስታወት አለ፣ ጽሑፉ እዚያ ላይ ይታያል፣ ካሜራው ግን በመስታወቱ ውስጥ አልፎ ያያል። ሞሪስ በጽሑፉ ቦታ የራሱን ፊት አስገባበት። ተናጋሪው መስታወቱ ላይ የሞሪስን ፊት እያየ ያወራል፤ ሌንሱ ከዚያ ፊት ጀርባ ነው። ሞሪስም ራቅ ብሎ በሌላ ካሜራና መስታወት የተናጋሪውን ፊት ያያል። ሁለቱ ዓይን ለዓይን ተያይተው ያወራሉ፤ ተመልካቹም ዓይን ለዓይን ይታያል። መሣሪያውን ኢንተሮትሮን ብሎታል።

በ2002 ለኦስካር ሥነ ሥርዓት አንድ አጭር ፊልም ሠራ። ታዋቂም ተራም ሰዎች ነጭ መደብ ፊት ሆነው ስለሚወዷቸው ፊልሞች ያወራሉ። አፕል ያንን አየና ለኮምፒውተሩ ማስታወቂያ ቀጠረው። ያው ነጭ መደብ፣ ያው መስታወት፣ ተራ ሰዎች ለምን ከሌላ ኮምፒውተር ወደ ማክ፣ ማለትም ወደ አፕል ኮምፒውተር፣ እንደቀየሩ ይናገራሉ። አንዲት ተማሪ ማክ ያልሆነው ኮምፒውተር የትምህርት ቤት ጽሑፏን እንዴት እንደበላባት ትናገራለች፤ ትንሽ ተበሳጭታ፣ ትንሽ ፈዝዛ። ልጅቷ በዚያች ግማሽ ደቂቃ ዝነኛ ሆነች። ምክንያቱ ግልጽ ነው። አንድም የተሸመደደ ዓረፍተ ነገር ያለው አይመስልም። ኤዲቲንጉ መሀል መሀል ላይ ቆረጥ ይላል፤ ቁርጡን ለመሸፈን ሌላ ምስል አልተለጠፈበትም። ሞሪስ ይህንኑ ቁርጥ በትልልቆቹ ፊልሞቹም ይጠቀምበታል።

አሁን የእኛን «ዶክመንተሪ» አስቡት። በድሮን ይከፈታል። ፀሐይ ትወጣለች። ተራኪው «የቡና መገኛ በሆነችው…» ይላል። ሥራ አስኪያጁ ከጀርባው መደርደሪያ አድርጎ ይናገራል። ከዚያ ዋሽንት ይነሣል፤ ዋሽንት ሲነሣ ድህነት መጣ ማለት ነው። አንድ ገበሬ «ድሮ ብዙ ችግር ነበረብን፣ አሁን ግን…» ይላሉ። ዋሽንቱ ቆሞ ደስ የሚል ክራር ይገባል። ምስጋና። አርማ። አለቀ። ይህ ማስታወቂያ ነው፤ ያውም ደካማ ማስታወቂያ። ገበሬው በአፋን ኦሮሞ እየተናገሩ ሳለ ድምፃቸው ዝቅ ይልና የተራኪው አማርኛ ይተኛበታል። የድምፃቸው መሰበር፣ ሳቃቸው፣ የሚያመነቱበት ቦታ፣ ሁሉም ከሥር ተቀብሮ ይቀራል። የግርጌ ጽሑፍ እናድርግ ስትሉ «ሰው አያነብም» ይባላል። ሰው በስልኩ የቱርክ ተከታታይ ፊልም በግርጌ ጽሑፍ ሲያይ ያድራል፤ የገበሬ ጊዜ ብቻ ነው ማንበብ የሚያቅተው?

መሣሪያውን በራሴ መንገድ ሞክሬዋለሁ። ጅማ አናጺ አይጠፋባትም፤ በርጩማዋ አገር ያወቀው ነው። አንድ አናጺ ሳጥን ሠራልኝ። ንጹሕ መስታወት በ45 ዲግሪ ዘመም አልኩ፣ ከሥሩ ታብሌት አስተኛሁ፣ ካሜራውን ከኋላ አድርጌ በጥቁር ጨርቅ ሸፈንኩት። የታብሌቱ ምስል ግራ ቀኙ መገልበጥ አለበት፣ አለበለዚያ ፊታችሁ ቦታው ይለዋወጣል። ግንኙነቱን በዋይፋይ ካደረጋችሁት ድምፁ ይዘገያል፤ ኬብል ይሻላል።

መጀመሪያ ያስቀመጥኳቸው ሂርማታ አካባቢ ለረጅም ጊዜ ቡና የነገዱ አንድ ሐጂ ናቸው። መስታወቱን አዩት፣ እኔን መስታወቱ ውስጥ አዩኝ።

«ልጄ፣ ምን ልትሠራ እዚያ ገባህ? ና እዚህ ተቀመጥ እንጂ።»

«ሐጂ፣ እዚያው ሆነው ይጫወቱልኝ። እየሰማሁዎት ነው።»

«እኔስ መቼ ጠፋሁ? የጠፋኸው አንተ ነህ።»

ከዚያ በኋላ ግን አወሩ። ደርግ የቡና ንግዱን እንዴት እንዳጠበቀው፣ ኬላ ላይ ቡና ይዞ ማለፍ ምን ማለት እንደነበር። ዓይናቸው ከሌንሱ አልተነቀለም። በእኛ ባህል ታላቅ ታናሹን ትክ ብሎ ማየት ይችላል፤ ዓይኑን የሚሰብረው ታናሽ ነው። ስለዚህ መሣሪያው ለአዛውንት ሠራ። ከቡና ለቃሚ ሴቶች ጋር ግን ሌላ ነው። መጋዘን ውስጥ ተቀምጠው ጥሩውን ከመጥፎው ሲለዩ የሚውሉ ሴቶች ናቸው። ፊታቸውን ወደ ሥራው አድርገው ነው የሚያወሩት፤ እጃቸው ሲቆም ወሬያቸውም ይቆማል። እነሱ ጋ መስታወቱን አንሥቼ ከጎናቸው ተቀመጥኩ። ሞሪስም ቢሆን በመጀመሪያ ፊልሞቹ መሣሪያ አልነበረውም። ዋናው መስታወቱ አይደለም፤ ሰውየው ለአንድ ሰው እንጂ ለስብሰባ እንዳያወራ ማድረግ ነው። እዚህ ካሜራ ሲያይ ሁሉም «በመጀመሪያ ይህን ዕድል ስለሰጣችሁኝ» ብሎ ይጀምራል። ያ እስኪያልቅ ዝም ማለት ነው። ካለቀ በኋላም ዝም ማለት። የሚፈለገው ወሬ ብዙ ጊዜ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው።

ዘዴው ግን ድንበር አለው። በ2003 በወጣው «ዘ ፎግ ኦፍ ዎር» በቬትናም ጦርነት ዘመን የአሜሪካ መከላከያ ሚኒስትር የነበረው ሮበርት ማክናማራ በ85 ዓመቱ ሌንሱን እያየ ያወራል። ለአጭር ጊዜ ብሎ የተቀመጠ ሰው ከ20 ሰዓት በላይ ተቀረጸ። ፊልሙ በ2004 ኦስካር አገኘ። ሰውየው ያለቅሳል፣ ያምናል፣ መልሶ ይሸሻል። ድንቅ ነው። ከ10 ዓመት በኋላ በ«ዘ አንኖውን ኖውን» ሌላውን የመከላከያ ሚኒስትር ዶናልድ ራምስፌልድን እዚያው መስታወት ፊት አስቀመጠ። ራምስፌልድ ፈገግ ብሎ ጀመረ፣ ፈገግ ብሎ ጨረሰ። ምንም አልወጣም። አንዳንዶች ይህም ራሱ ማሳያ ነው ይላሉ፤ እኔ ፊልሙ ደክሞብኛል። ካሜራ የለመደ ሰው ሌንስ እያየ መዋሸት አይከብደውም። የእኛም ባለሥልጣናትና ሥራ አስኪያጆች ከዚህ ወገን ናቸው። ለእነሱ መደርደሪያው ይበቃቸዋል።

እዚህ ላይ «ሞሪስ አሜሪካ ነው፤ ገንዘብ አለው» የሚል ይኖራል። ልክ ነው። የማስታወቂያ ገበያችን ጠባብ ነው። የአልኮል ማስታወቂያ በ2011 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ከሬዲዮና ከቴሌቪዥን ሲወጣ አዲስ አበባ ያሉት እንኳ ተንገዳግደዋል፤ እኛ ጋ ድሮም አልደረሰም ነበር። ግን የፈርኒቸር ቤት ማስታወቂያ ውስጥ አናጺውን ስለ እንጨት ማስወራት ተጨማሪ ብር አይጠይቅም። እንዲያውም ሞዴል ከመቅጠር ይረክሳል። የክሊኒክ ማስታወቂያ ላይ አዋላጇን ስለ ሌሊት ተረኛነት መጠየቅስ? ባለቤቱን ማሳመን ነው ጣጣው።

ዘንድሮ ቡናው ሲደርስ የአንድ ኅብረት ሥራ ማኅበር ሥራ ይዣለሁ። ሁለት ቅጂ እሠራለሁ አልኳቸው። አንደኛው እነሱ የለመዱት ነው፤ ድሮኑም፣ ተራኪውም፣ ክራሩም አለ። ሁለተኛው አንዲት ለቃሚ ብቻ ናት። በራሷ ቋንቋ፣ እየለቀመች፣ ያለ ተራኪ። ሊቀመንበሩ አሰቡበት። «ትረካ ከሌለው ሰው ምን እንደሆነ በምን ያውቃል?» አሉኝ። «ይጠይቃል» አልኳቸው። ሳቁና እሺ አሉ። ሁለተኛውን ግን በአንደኛው ሒሳብ ውስጥ በነፃ አስገባው ይላሉ። በዚያ ላይ ገና አልተስማማንም።